ፊታቸውን ያዋሱት ተዋናይ

ከጥቂት ሳምንት በፊት ከአንድ ወዳጄ ጋራ ቡና ስንጠጣ የትምህርት ቤቱን ዘመን አነሣንና ጨዋታው ወደ ዘፈን ዞረ። ይህ ወዳጄ ተማሪ ሳለ፣ የወላጆች ቀን በተከበረ ቁጥር መድረክ ላይ ወጥቶ የሚዘፍነው እሱ ነበር። ዛሬ በአንድ መሥሪያ ቤት የመዝገብ ክፍል ሠራተኛ ነው፤ ደብዳቤ ይቀበላል፤ ቁጥር ይሰጣል፤ ማኅተም ይመታል። «ለምን ዘፈኑን እንደ ገና አትጀምርም?» ብዬ ብጠይቀው፣ «ተወኝ እባክህ፤ የእኔ ጊዜ አልፏል» ሲል መለሰልኝ። ዕድሜው ሃያ ሰባት ነው።

ሣቄ መጣ። ነገር ግን ፊቱን ባየሁ ጊዜ ሣቄን ዋጥ አድርጌ የአንድ ሆላንዳዊ ተዋናይ ታሪክ አጫወትሁት። ዶልፍ ብሩወርስ ይባላሉ። ስማቸው ከአገራቸው ውጭ እምብዛም አልተሰማም። መድረክን የተመኙት በወጣትነታቸው ነው፤ ያገኙት ግን ወደ ስድሳ ዓመት ሲጠጉ ነው። ወዳጄ ይህን ሲሰማ ፊቱ ፈካ። ይሁን እንጂ ታሪኩ እዚያ ላይ አያበቃም፤ መድረሻው ፍርድ ቤት ነው። ይህን ሲሰማ ደግሞ ዝም አለ። ለእሱ በቡና ላይ ያጫወትሁትን ዛሬ ለአንባቢዎቼ ሰፋ አድርጌ ላቀርበው አሰብሁ። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላስታውስ።

ዘፋኝነትን የተመኙት ፀጉር አስተካካይ

ዶልፍ ብሩወርስ በ1912 በዩትሬክት ከተማ ተወለዱ። ዩትሬክት በሆላንድ እምብርት ላይ ያለች ጥንታዊት ከተማ ናት፤ ከመቶ ሜትር በላይ የሚረዝመው የካቴድራልዋ ግንብ በአገሪቱ ካሉት የቤተ ክርስቲያን ግንቦች ሁሉ ይበልጣል። ብሩወርስ ያደጉበት ዘመን የኦፔሬታ ዘመን ነበር። ኦፔሬታ ማለት ዘፈንን፣ ንግግርንና ዳንስን አንድ ላይ አዋሕዶ የሚያቀርብ ቀለል ያለ የሙዚቃ ቴአትር ነው። ዮሐን ሽትራውስና ፍራንዝ ሌሃር የሚባሉት የቪየና ሙዚቀኞች በደረሱት ዜማ ታላላቅ የአውሮፓ ከተሞች በየማታው ይደሰቱ ነበር። በዚህ ዓይነቱ ቴአትር ውስጥ ቴኖር፣ ማለት ድምፀ ቀጭኑ ወንድ ዘፋኝ፣ ባማረ ልብስ አጊጦ ይወጣና ስለ ፍቅሩ ይዘፍናል፤ ተመልካቹም እጁ እስኪቃጠል ያጨበጭብለታል።

ብሩወርስ የተመኙት ይህን ነበር። ድምፅም ነበራቸው። ነገር ግን ምኞት ለብቻው እንጀራ አይሆንም፤ ኑሮአቸውን ለመግፋት ፀጉር አስተካካይነትን ጨምሮ ልዩ ልዩ ሥራ መሥራት ግድ ሆነባቸው። መቀስና ማበጠሪያ በያዘ እጅ መድረክን መመኘት ምን ዓይነት ነገር እንደ ሆነ፣ ማኅተም በያዘ እጅ የሚመኘው ወዳጄ ከእኔ ይልቅ ያውቀዋል።

ዘመኑም አላገዛቸውም። ድምፅ ያለው ፊልም ከ1920ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ የኦፔሬታን ተመልካች ወደ ሲኒማ ቤት እየሳበ ወሰደ። ቀጥሎም ጦርነት መጣ። የጀርመን ሠራዊት በሜይ 10 ቀን 1940 ሆላንድን ሲወር ብሩወርስ ሃያ ሰባት ዓመታቸው ነበር፤ ልክ እንደ ወዳጄ ማለት ነው። ወረራው አምስት ዓመት ቈየ። በዚያን ጊዜ ወራሪው ያቋቋመው የባህል ምክር ቤት አባል ሆኖ ያልተመዘገበ ዘፋኝም ሆነ ተዋናይ በሕዝብ ፊት እንዳይጫወት ተከልክሎ ነበር። ጦርነቱ አልቆ ነፃነት ሲመለስ ደግሞ ወጣቱ ጆሮውን ለአሜሪካ ሙዚቃ ሰጠ፤ ኦፔሬታም የሽማግሌዎች ትዝታ ሆኖ ቀረ። እንግዲህ ብሩወርስ አርባውን አልፈው ሃምሳን ሲሻገሩ፣ የተመኙት መድረክ እሳቸውን ሳይቀበል ራሱ እየፈረሰ ነበር ማለት ይቻላል።

ሁለት መስመር ብቻ የነበረው ቴሌቪዥን

የሆላንድ ቴሌቪዥን ሥራውን የጀመረው በኦክቶበር 2 ቀን 1951 ነው። ሁለተኛው መስመር የተከፈተው በ1964 ሲሆን፣ ሦስተኛው እስከ 1988 ድረስ አልመጣም። ስለዚህ ማታ ማታ ሕዝቡ የሚመርጠው ከሁለት ነገር አንዱን ብቻ ነበር። አንድ ሰው ዛሬ ማታ በቴሌቪዥን ቢታይ ነገ ጧት በአውቶቡሱም፣ በገበያውም፣ በመሥሪያ ቤቱም የሚወራው ስለ እሱ ነው።

ሌላም የሚገርም ሥርዓት ነበራቸው። የማሠራጫው ሰዓት የመንግሥት ብቻ ወይም የነጋዴ ብቻ አልነበረም፤ በአባሎች ለተቋቋሙ ማኅበሮች የተከፋፈለ ነበር። ካቶሊኮቹ የራሳቸው ማኅበር ነበራቸው፤ ፕሮቴስታንቶቹም የራሳቸው፤ ሶሻሊስቶቹም እንዲሁ። ብዙ አባል ያለው ማኅበር ብዙ ሰዓት፣ ጥቂት አባል ያለው ጥቂት ሰዓት ያገኛል። ከእነዚህ ሁሉ አነስ የሚለው፣ ለዘብተኛ ፕሮቴስታንቶች በ1926 ያቋቋሙትና ስሙ በአራት ፊደል «ፌ ፔ ኤር ኦ» ተብሎ የሚጠራው ማኅበር ነበር። በ1960ዎቹ መጨረሻ ላይ ይህ ማኅበር በወጣቶች እጅ ገባ። ቀድሞ ስብከት ይሰማበት የነበረው ሰዓት ለአዲስ ሙከራ መፈተኛ ሆነ። በ1967 በዚሁ ማኅበር ፕሮግራም ላይ አንዲት ልብስ ያልለበሰች ሴት ጋዜጣ ስታነብ በመታየትዋ ነገሩ እስከ ፓርላማ ደርሶ ነበር።

ከዚህ ፕሮግራም አዘጋጆች አንዱ ዊም ስኪፐርስ ነበሩ። በ1942 በግሮኒንገን የተወለዱት እኚህ ሰው ሠዓሊም፣ ደራሲም፣ የቴሌቪዥን ሰውም ናቸው። የሚሠሩትን ነገር ለማስረዳት ምሳሌ መስጠት ይሻላል። በ1961 ወደ ባሕር ዳርቻ ሄደው አንድ ጠርሙስ ሎሚናት ባሕሩ ውስጥ ጨለጡ፤ ሥነ ጥበቡ ይኸው ነበር። በ1969 ደግሞ የአንድ አዳራሽ ወለል በለውዝ ቅቤ ለቀለቁ። በ1986 ስድስት ውሾችን ተዋናይ አድርገው በአምስተርዳም ትልቁ ቴአትር ቤት አንድ ሙሉ ቴአትር አሳዩ። የሥራ ጓደኛቸው ዊም ፋን ደር ሊንደንም በ1966 «ቱሊፕ» የሚባል አጭር የሙከራ ፊልም ሠርተው ነበር፤ ካሜራው በማስቀመጫ ላይ ያሉትን አበቦች ብቻ ሲያይ፣ ሙዚቃው ግን ታላቅ አደጋ እንደሚመጣ አድርጎ ያስጨንቃል፤ በመጨረሻም የሚሆነው አንዲት የአበባ ቅጠል መውደቅዋ ነው።

አንባቢ «ይህ ቀልድ ነው እንጂ ሥነ ጥበብ አይደለም» ቢል አልፈርድበትም፤ በሆላንድም ብዙ ሰው ያለው ይህንኑ ነው። ነገር ግን ከቀልዱ በስተኋላ አንድ ጥያቄ አለ። ይኸውም፦ እኛ ተመልካቾች አንድን ነገር ከፍ ያለ ነው፣ ሌላውን ዝቅ ያለ ነው የምንለው በምን ምክንያት ነው? ታላቅ ሙዚቃ ስለ ታጀበ ነውን? መጋረጃ ስለ ተከፈተለት ነውን? እነዚህ ወጣቶች ይህን ጥያቄ በቴሌቪዥን ሊጠይቁ ሲነሡ አንድ ሰው አስፈለጋቸው። ያም ሰው ዝቅ ያለውን ነገር በከፍተኛ ክብር ሊያቀርብ የሚችል፣ ሲያቀርበውም ከልቡ የሚሆን መሆን ነበረበት። ዕድሜውን በሙሉ የታላቅ ዘፋኝን ክብር ሲመኝ የኖረ ሰው ለዚህ ተገኘ።

ሼፍ ፋን ኡከል

በ1971 «የፍሬድ ሃሼ ትርዒት» የሚባል ፕሮግራም ተጀመረ። ስሙ ራሱ ጨዋታ ነው፤ ሃሼ በሆላንድ አገር ከሥጋና ከሽንኩርት የሚሠራ ወጥ ነው። ፍሬድ ሃሼን ሆነው የተጫወቱት ሃሪ ታው የተባሉት ተዋናይ ናቸው። ባረንድ ሰርቬት የሚባለውን ሰው ደግሞ ሙዚቀኛው አይፍ ብሎከር ተጫወቱት፤ ሰርቬትም በቋንቋቸው የገበታ አፍ መጥረጊያ ማለት ነው። በዚህ በወጥና በአፍ መጥረጊያ መካከል ሦስተኛው ሰው ብቅ አለ፤ ሼፍ ፋን ኡከል። ተጫዋቹም ዶልፍ ብሩወርስ ነበሩ።

ሼፍ ፋን ኡከል ማነው? ራሱን እንደ ትልቅ ሰው የሚቈጥር፣ ንግግሩ የድግስ ንግግር የሚመስል፣ ቃላቱን እንደ ጥንት መጽሐፍ እየመረጠ የሚናገር፣ ነገር ግን የያዘው ጉዳይ ሁሉ ከእጁ እየወጣ የሚበላሽበት ሰው ነው። እንግዳ ሊያስተዋውቅ ይጀምርና መንገዱ ይጠፋዋል። ክብሩን ጠብቆ ሳለ በድንገት ሆዱ ይታወክበትና ሕመሙን አስታውቆ ጭንቅላቱን የብስክሌት ከረጢት ውስጥ ይከታል። ከዚያም አፉን ጠርጎ፣ ምንም እንዳልሆነ ሁሉ፣ ያቋረጠውን ንግግር ይቀጥላል።

ከቆዩት ፊልሞች አንዱን አንድ ማታ ከሁለት ጓደኞቼ ጋራ አይቼ ነበር። ከሦስታችን የሆላንድን ቋንቋ የሚያውቅ አልነበረም። ሆኖም እንባችን እስኪመጣ ሣቅን። ኋላ «ምኑ ነው ያሣቀን?» ብለን ስንመረምር ያገኘነው ነገር ይህ ነው። ብሩወርስ ለማሣቅ አይታገሉም። ሌሎች ቀልደኞች ዓይናቸውን ያጉረጠርጣሉ፤ ተመልካቹን ይጠቅሳሉ፤ «ሣቁ እንጂ» የሚል ምልክት ይሰጣሉ። እሳቸው ይህን አያደርጉም። ሲናገሩ ከልባቸው ይናገራሉ፤ ሲዘፍኑም ደረታቸውን ነፍተው፣ ያ የኦፔሬታ ምኞት ከነሙሉ ክብሩ እየወጣ፣ ከልባቸው ይዘፍናሉ። የሚዘፍኑት ግን ስለ ኮመጠጠ ጥቅል ጎመንና ስለ ሥጋ ቅባት ነው። ይህ የጎመንና የቅባት ዘፈን በሸክላ ታትሞ በአገሩ ሁሉ ተሰማ። በፍቅር ዘፈን ያልተከፈተላቸው በር በጎመን ዘፈን ተከፈተላቸው።

የፕሮግራሙ አሠራርም ለዚህ የተመቸ ነበር። በጊዜው በሌሎቹ ማኅበሮች የሚዘጋጁት የሙዚቃና የጨዋታ ምሽቶች እንደ መስተዋት የተወለወሉ ነበሩ፤ አስተዋዋቂው ፈገግ ይላል፤ መብራቱ ያበራል፤ አንዲት ስሕተት አትታይም። ስኪፐርስና ጓደኞቻቸው ግን ይህን ሁሉ ገለበጡት። ዕቃው ይወድቃል፤ ንግግሩ ይደናቀፋል፤ መጠናቀቅ የሚገባው ነገር ሳይጠናቀቅ ይቀራል፤ ስሕተቱም ተቈርጦ አይጣልም። ተመልካቹ የዕለት ኑሮውን በዚያ አየ። ገሚሱ ሣቀ፤ ገሚሱ ተቈጣ። በዲሴምበር 1972 «ባረንድ እንደ ገና ሥራ ላይ ነው» በሚባለው ተከታዩ ፕሮግራም ላይ ንግሥት ዩልያናን የምትመስል ሴት እንደ ማንኛዋም የቤት እመቤት አትክልት ስታሰናዳ ታየች። ሕዝቡም፣ ጋዜጦችም፣ ሹማምንትም ተነጋገሩበት፤ ማኅበሩም ከሚኒስትሩ ተግሣጽ ደረሰው።

በ1974 ብሩወርስ የራሳቸውን ፕሮግራም አገኙ፤ ስሙም «የፋን ኡከል የዲስኮ ጥግ» ነው። ወጣቱ የሚወደውን ዘመናዊ ሙዚቃ የሚያስተዋውቀው ስለ ሙዚቃው ምንም የማያውቅ የሚመስል፣ ስድሳ ዓመት ያለፈው ሰው ነው። በዚያ መድረክ ላይ ከቆሙት እንግዶች አንዷ በዚያን ጊዜ በጀርመን አገር ትኖር የነበረችና ብዙ ሰው የማያውቃት አሜሪካዊት ነበረች፤ ዶና ሰመር ትባላለች። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ዓለም ሁሉ የዲስኮ ንግሥት አላት። በ1978ም ስኪፐርስ በጻፉት ሌላ ተከታታይ ጨዋታ ብሩወርስ የአንድ የማታ ጭፈራ ቤት ባለቤት ሆነው ተጫወቱ።

ወዳጄ እስከዚህ ድረስ ሲሰማ፣ «አየህ! ቀስ በቀስ ዕንቍላል በእግሩ ይሄዳል ማለት ይህ ነው» አለኝ። እኔም «ቈይ፤ አልጨረስሁም» አልሁት።

ሣቁ የማን ነው?

አንድ ሰው ሲሣቅ ሁለት ነገር ሊሆን ይችላል። ከእሱ ጋራ ይሣቃል፤ ወይም በእሱ ይሣቃል። በአማርኛችን በ«ጋራ» እና በ«በ» መካከል ያለው ልዩነት አንዲት ቃል ብቻ ናት፤ በሰውዬው ልብ ውስጥ ግን ገደል ያህል ትሰፋለች።

የብሩወርስ ዕጣ በዚህ ገደል ጫፍ ላይ መቆም ነበር። እሳቸው እንደ ቴኖር መዝፈን ይፈልጉ ነበር፤ ሕዝቡ ደግሞ እንደ ቴኖር የሚዘፍነውን ሽማግሌ ማየት ይፈልግ ነበር። ሁለቱም የሚፈልጉትን አገኙ፤ ነገር ግን ያገኙት አንድ ነገር አልነበረም። አንዳንዶች «ወጣቶቹ ጮሌዎች በአንድ የዋህ ሽማግሌ ተጫወቱበት» ብለው ይከራከራሉ። ሌሎች ደግሞ «ያ ሁሉ ዓመት ማንም ያላየውን ችሎታ አይተው ያወጡት እነሱ ናቸው» ይላሉ።

በበኩሌ ሁለቱም ወገን ግማሽ እውነት የያዘ ይመስለኛል። ብሩወርስ የዋህ ብቻ ቢሆኑ ኖሮ አንድ ጊዜ አሥቀው በጠፉ ነበር። ዓመት በዓመት እየተመላለሱ፣ አንድን ሰው ሳያዛንፉ፣ ድምፁንና አነጋገሩን ጠብቆ መጫወት የሥራ ችሎታ ነው። ሳይሥቁ ማሣቅም ከተዋናይ ሥራ ሁሉ አስቸጋሪው እንደ ሆነ መድረክ ላይ የወጣ ተማሪ ሁሉ ያውቃል። በሌላ በኩል ግን ቃሉን የጻፉት ስኪፐርስ ናቸው፤ ስሙን ያወጡትም እሳቸው ናቸው። ብሩወርስ ያመጡት ድምፃቸውን፣ አካላቸውንና ፊታቸውን ነው። እንግዲህ ሼፍ ፋን ኡከል የማን ነው? የጸሐፊው ነው? ወይስ የተዋናዩ?

ይህ ጥያቄ ሁሉም ነገር ደኅና ሲሄድ የፈላስፋ ጨዋታ ይመስላል። ነገር ሲበላሽ ግን የዳኛ ጉዳይ ይሆናል፤ የሆነውም እንዲሁ ነው።

ፍርድ ቤት

ከ1970ዎቹ አጋማሽ በኋላ ሼፍ ፋን ኡከል ከቴሌቪዥን ወጥቶ በመጽሔት ላይ የሥዕል ታሪክ ሆነ። ሥዕሉን የሚሥሉት ቴዎ ፋን ደን ቦጋርድ፣ ታሪኩን የሚጽፉት ስኪፐርስ ነበሩ። የተሣለው ሰውዬ ፊት የዶልፍ ብሩወርስ ፊት ነው፤ ማንም ሰው አይቶ አይስተውም። ጊዜው እየገፋ ሲሄድ በሥዕሉ ላይ ያለው ፋን ኡከል በቴሌቪዥን ያልሠራውን ሥራ ይሠራ ጀመር፤ ለዚህ ጋዜጣ ገጽ የማይስማማ ነውር ሁሉ ተሣለበት። ብሩወርስ በየአዳራሹ እየተጋበዙ የሚዘፍኑ ሽማግሌ ናቸው፤ በመንገድ የሚያያቸው ሰው ሁሉ የሚያውቃቸው በዚያ ፊት ነው። የሠሩት ነውር ሳይኖር ነውሩ በፊታቸው ላይ ተጻፈ።

ስለዚህ ከሰሱ። ያሳደጓቸውን ሰዎች፣ ዝና የሰጧቸውን ሰዎች ከሰሱ።

አንባቢ እስካሁን ልብ ብሎት ከሆነ፣ እኔ ዶልፍ ብሩወርስን «እሳቸው»፣ ሼፍ ፋን ኡከልን ግን «እሱ» እያልሁ ስጽፍ ቈይቻለሁ። በአማርኛችን ይህን ልዩነት ለማድረግ አያስቸግርም፤ ግሡ ራሱ ይለያቸዋል። ሽማግሌው «ዘፈኑ»፤ ሰውዬው «ዘፈነ»። የሆላንድ ዳኞች ግን ያለ እንዲህ ያለ ግሥ፣ በሕግ ብቻ፣ ሁለቱን መለየት ነበረባቸው።

በሁለቱም ወገን የሚቀርበው ክርክር ቀላል አይደለም። ደራሲው «ሰውዬውን የፈጠርሁት እኔ ነኝ፤ ስሙም፣ አነጋገሩም፣ ጠባዩም የብዕሬ ፍሬ ነው፤ የፈጠርሁትን ወደምፈልገው ባደርሰው ማን ይከለክለኛል?» ሊል ይችላል። እውነትም አለው፤ ድርሰት የደራሲው ካልሆነ የማን ሊሆን ነው? ተዋናዩ ደግሞ «ቃሉ ያንተ ነው፤ ፊቱ ግን የእኔ ነው፤ ካንተ ጋራ ከመገናኘቴ በፊት ስድሳ ዓመት ያህል ይዤው ኖሬአለሁ» ሊል ይችላል። እሱም እውነት አለው።

በሆላንድ የደራሲያን መብት ሕግ ውስጥ ስለ ሰው ምስል የሚናገር አንቀጽ አለ። ሐሳቡ ባጭሩ ይህ ነው። አንድ ምስል ባለፊቱ ሳያዝዝ ቢሠራ፣ የዚያ ምስል መታተም የባለፊቱን ተገቢ ጥቅም የሚነካ ከሆነ፣ ባለፊቱ ሊቃወም ይችላል። ተገቢ ጥቅም የሚባለውም ገንዘብ ብቻ አይደለም፤ ክብርና መልካም ስምም ጭምር ነው። ይህ ሕግ የወጣው በ1912 ነው፤ ብሩወርስም የተወለዱት በዚያው ዓመት ነው። ሕጉና ሰውዬው እኩያሞች ነበሩ ማለት ነው፤ የተገናኙት ግን ሁለቱም ካረጁ በኋላ ነው።

ፍርድ ቤቱ የብሩወርስን አቤቱታ ተቀበለ። በቀለም የተሣለውም ቢሆን፣ በሌላ ስም ቢጠራም፣ ሰው ሁሉ የሚያውቀው የእሳቸው ፊት እስከ ሆነ ድረስ የእሳቸው ምስል ነው ተባለ። ሼፍ ፋን ኡከል የደራሲ ልጅ ነው፤ ፊቱ ግን የተውሶ ነው። በተውሶ የወሰዱትን ዕቃ ደግሞ ባለቤቱ በማይፈቅደው መንገድ አይሠሩበትም። ጎረቤት ምጣድ ቢያውስ እንጀራ እንዲጋገርበት ነው እንጂ ድንጋይ እንዲፈለጥበት አይደለም።

ወዳጄ የጠየቀኝ

ታሪኩን ስጨርስ ወዳጄ ለጥቂት ጊዜ ስኒውን ሲያዞር ቈየና፣ «ታዲያ ሰውዬው አተረፉ ወይስ ከሰሩ?» ሲል ጠየቀኝ።

ለዚህ ጥያቄ አጭር መልስ የለኝም። ብሩወርስ በ1997፣ በሰማንያ አምስት ዓመታቸው ዐረፉ። የተመኙትን የኦፔሬታ ዝና አላገኙም፤ ማንም ሰው በታላቅ ቴኖርነት አያስታውሳቸውም። ያገኙት ሌላ ዝና ነው፤ ዘግይቶ መጣ፤ ሣቅ ተቀላቅሎበት መጣ፤ በመጨረሻም ክስና ጠብ አስከትሎ መጣ። ከወዳጆቻቸው ጋራ የነበራቸው ደስታ ተበላሸ። ይህ ሁሉ ኪሣራ ነው።

ነገር ግን ሁለት ነገር አያለሁ። አንደኛው፣ ዕድሉ በመጣ ጊዜ ድምፃቸው ዝግጁ ነበር። ሃያ ሰባት ዓመት ሲሞላቸው «ጊዜዬ አለፈ» ብለው ትተውት ቢሆን ኖሮ፣ ወደ ስድሳ ሲጠጉ የሚፈልጋቸው ሰው ባዶ ቤት ባገኘ ነበር። የመጣው ዕድል የጠበቁት ዓይነት አልነበረም፤ ቢሆንም በቀልድ መድረክ ላይ የቆሙት በቀልድ አልነበረም። የጎመኑን ዘፈን እንደ ታላቅ ዘፈን ዘፈኑት፤ ያኖራቸውም ይህ ነው።

ሁለተኛው ደግሞ፣ ዝና ለሰጣቸው ሰው ሁሉን ነገራቸውን አልሰጡም። ብዙ ሰው፣ በተለይም ዘግይቶ ያገኘ ሰው፣ ያገኘውን እንዳያጣ ሲፈራ ምንም ቢደረግበት ዝም ይላል። «እነሱ ባይኖሩ እኔ ማን ነበርሁ?» ይላል። ብሩወርስ ውለታውን ያውቁ ነበር፤ ሆኖም ውለታና ባለቤትነት አንድ አይደሉም። ለጨዋታ ያዋስሁት ፊቴ ለነውር አይሆንም አሉ፤ ይህንንም ያሉት ሌላ ሰው በሚጦርበት ዕድሜ ነው።

ይህ ነገር የተዋናይ ጉዳይ ብቻ አይመስለኝም። እኛም ጧት ጧት ወደየመሥሪያ ቤታችን ስንገባ አንድ ሰውዬ እንለብሳለን። የመዝገብ ክፍል ሠራተኛ፣ ጸሐፊ፣ ረዳት፣ ሹም እንባላለን። አነጋገሩን ሌላ ሰው ጽፎታል፤ «ጉዳዩ ለሚመለከተው ክፍል ተመርቷል» የሚለውን አረፍተ ነገር ከመካከላችን ማን ፈጠረው? ቃሉ የወንበሩ ነው፤ ወንበሩም የእኛ አይደለም። ነገር ግን ከዚያ ወንበር ላይ ሆኖ ባለጉዳዩን የሚያየው ፊት የእኛ ነው። ባለጉዳዩም ቤቱ ሲገባ የሚያስታውሰው የደብዳቤውን ቁጥር ሳይሆን ያንን ፊት ነው። ስለዚህ ወንበሩ ፊታችንን ለማይገባ ነገር ሲጠይቀን «ይህ አይሆንም» ማለት የምንችልበት ቦታ የት እንደ ሆነ፣ ከመጠየቃችን አስቀድሞ ብናውቀው መልካም ነው።

ወዳጄ ይህን ሁሉ ሰምቶ ሰዓቱን አየና ተነሣ፤ የቀትር ዕረፍቱ አልቆ ነበር። ሒሳቡን ከፍለን ስንወጣ ስለ ዘፈን አንድም ቃል አልተናገረም። እኔም አልጠየቅሁትም። በር ላይ ተሰነባብተን ጥቂት እንደ ተራመደ ግን፣ ወደ መሥሪያ ቤቱ ደረጃ ሲወጣ፣ በአፍንጫው አንድ ዜማ ሲያንጐራጕር ሰማሁት። ያ በወላጆች ቀን ይዘፍነው የነበረው ዜማ ነበር።